ወንድሜን አልጋ ላይ ያቆየው የካልኩሌተር ጨዋታ

በቀደም ከዳንግላ ወደ እንጅባራ ስሄድ ሚኒባስ ውስጥ አጠገቤ የተቀመጠችው የዩኒቨርሲቲ ተማሪ መንገዱን ሙሉ ከስልኳ ጋር ስትጣላ ነበር። ሰኔ ገብቷል፤ ውጭው ካፊያ ነው፤ መስኮቱ በትንፋሻችን ጉም ለብሶ በእጅ ካልጠረጉት ምንም አይታይም። ልጅቱ ስልኳን አንዴ ወደ ጣሪያው ከፍ፣ አንዴ ወደ ጉልበቷ ዝቅ ታደርጋለች። አዲስ ቅዳም ስንደርስ፣ በመንገዱ ዳር የተደረደሩት የከሰል ጆንያዎች ላስቲክ ለብሰው ዝናቡን ሲጠጡ፣ ትዕግሥቷ አለቀና ወደ እኔ ዞረች።

«እትየ፣ የእርስዎ ስልክ ኔትወርክ አለው?»

«ለምን ፈለግሽው ልጄ?» አልኳት፤ የታመመ ሰው ያላት መስሎኝ ደንግጬ።

«ጌም ልጭን ነበር። ግማሽ ላይ ደርሶ ቆመብኝ። እንዲህ ሆኖ እንጅባራ እንዴት ይደረሳል?»

እንጅባራ ከዚያ ቅርብ ናት። እንዳይከፋት ሳቄን ወደ መስኮቱ አዞርኩት። በሷ ዕድሜ ሳለሁ አንድ ጨዋታ ለመጫን ከጠዋት እስከ ማታ እንደፈጀብኝ፣ ያም ቀን በዓመት አንዴ ብቻ የሚመጣው የፈረሰኞች በዓል እንደነበረ ብነግራት የምታምነኝ አይመስለኝም። የተጫነውም ስልክ ላይ አልነበረም፤ ካልኩሌተር ላይ ነው።

ያኔ ቆሰበር አስራ አንደኛ ክፍል ነበርኩ። እንጅባራ የሚለውን ስም መሥሪያ ቤቶቹ ይጠቀሙበት እንጂ እኛ ከተማዋን ቆሰበር ነው የምንላት፤ ዛሬም አፌ ላይ የሚቀድመኝ እሱ ነው። ቤታችን ከከተማው ወጣ ብሎ፣ ቀርከሃ በከበበው ተዳፋት ላይ ነበር። በትምህርት ቤት አማርኛ፣ በቤት የአዊን ቋንቋ አውኚን እናወራለን። ስለዚህ ከዚህ በታች ወላጆቼና ወንድሜ የሚናገሩትን ከአውኚ እየመለስኩ ነው የማወራችሁ። እናቴ ብትሰማኝ «እኔ እንዲህ አላልኩም» ማለቷ አይቀርም፤ በአማርኛ ስትናገር ራሷን የምትሰማ አይመስላትም።

የሒሳብ ክበባችን አንድ ካልኩሌተር ነበረው። መደመርና ማባዛት ብቻ የሚያውቀው የባለሱቅ ካልኩሌተር እንዳይመስላችሁ። ከብዶ እጅ የሚሞላ፣ ሰፊ መስኮት ያለው፣ እኩልታ ሲሰጡት መስመሩን ስሎ የሚያሳይ ነበር። ለክበቡ የሰጠው ከውጭ አገር መጥቶ ሒሳብ ያስተምረን የነበረ ወጣት መምህር ነው። የራሱም አንድ ተመሳሳይ ነበረው። ለገና ወደ አገሩ ጠቅልሎ ሊሄድ ሲል ሁለቱን ካልኩሌተሮች ጠረጴዛ ላይ ጎን ለጎን አስቀምጦ ከስንዝር ትንሽ በሚረዝም ጥቁር ገመድ አገናኛቸው። አንደኛውን ላክ፣ ሌላውን ተቀበል አለው። ትንፋሻችንን ይዘን እያየን ከሱ ወደ እኛው አንድ ጨዋታ ተሻገረ።

ጨዋታው፣ እውነቱን ለመናገር፣ ይህ ነው የሚባል አልነበረም። ከላይ ነጥብ ይወድቃል፤ ከታች አንዲት ትንሽ ሰረዝ በግራና በቀኝ ቁልፍ እየሮጠች ትቀበለዋለች። ካልተቀበለችው አለቀ። ለዚህ ለዚህ የክበቡ ልጆች ተጋፍተን ልንጣላ ነበር። መምህሩ ተራዬን ትቼ ዳር መቆሜን አይቶ ጠራኝና በተሰባበረ አማርኛው፣ «ውስጡን ማየት ትፈልጊያለሽ?» አለኝ። አንድ ቁልፍ ሲጫን ጨዋታው ጠፍቶ በምትኩ የትእዛዝ መስመሮች ተደርድረው ወጡ፤ ይህ ቁልፍ ሲነካ ወደ ግራ ሂድ፣ ሰረዟ ነጥቡን ከተቀበለች ቁጥር ጨምር፣ ያለዚያ አብቃ። የገረመኝን መገረም ዛሬም አልረሳሁትም። የሚንቀሳቀስ ነገር ሁሉ ከኋላው እንዲህ የሚነበብ ነገር ያለው መሰለኝ። ሌሎቹ ሲጫወቱ እኔ እሱን ማንበብ ያዝኩ። መምህሩ ካልኩሌተሩን ይዞ አገሩ ገባ፤ እኛ የእኛን ይዘን ቀረን።

አሁን ወደ ወንድሜ ልምጣ። ሙሉቀን በአራት ዓመት ይበልጠኛል፤ እንደ አገራችን ልማድ አያ ሙሉቀን እለዋለሁ። ትምህርቱን ስምንተኛ ክፍል ላይ ትቶ ከአባየ ጋር ያርስ ነበር። ሰው ግን ሲጠራው ገበሬው አይለውም፤ ፈረሰኛው ነው የሚለው። በአዊ ፈረስ የቤት ሰው ነው። ይታረስበታል፣ ይጫንበታል፣ ሙሽራ ይታጀብበታል፣ ለቅሶም አብሮ ይወጣል። በጥር ጊዮርጊስ ደግሞ ከየአቅጣጫው ፈረሰኛው ፈረሱን ሸልሞ ቆሰበር ሜዳ ላይ ይሰበሰባል። ያን ቀን ቤቱ የሚቀር ሰው ወይ ታሟል፣ ወይ ከሰው ተጣልቷል።

ያን ዓመት ገና እንዳለፈ አያ ሙሉቀን ለበዓሉ ፈረሳችንን ዳማን ሲያለማምድ ወደቀ። ዳማ ጥፋት አልነበረበትም። ሣር የሸፈነው ጉድጓድ ውስጥ የፊት እግሩ ገባና ተንበረከከ፤ ወንድሜ በአንገቱ ላይ አልፎ ሄደ። ዳማ ተራግፎ ተነሣ። ወንድሜ መነሣት አልቻለም፤ ቅልጥሙ ተሰብሮ ነበር።

ወጌሻው መጥተው አጥንቱን መለሱና በቀርከሃ ስንጣቂ ዙሪያውን አሰሩት። እማየ አብሽ በማር በጥብጣ ጠዋት ማታ ታጠጣዋለች። ሁሉም ነገር ደህና ነበር፤ ችግሩ እሱ ራሱ ነው። ከልጅነቱ ጀምሮ ተቀምጦ ምሳ በልቶ የማያውቅ ሰው በአንድ ጊዜ ተኛ ሲባል እንዴት ይሆናል? ሁለት ጊዜ ተነሣ። አንዴ ዳማ ሲያሽካካ ሰምቶ፣ «ውኃ አላጠጣችሁትም» ብሎ፤ አንዴ ደግሞ ያለ ምንም ምክንያት። በሁለተኛው አጥንቱ ከቦታው ሸሸ፤ ወጌሻው ተመልሰው መጡ። ሲመልሱለት የጮኸውን ላለመስማት ቀርከሃው ውስጥ ሮጬ ገባሁ፤ ጩኸቱ እዚያም ተከተለኝ።

ወጌሻው ሲጨርሱ ላባቸውን እየጠረጉ ከራስጌው ተቀመጡ።

«ስማኝ ልጄ፤ ጥር እስኪወጣ ይኸ እግር መሬት አይንካ። ሦስተኛ ከሸሸ እኔን አትጥሩኝ። እድሜ ልክህን ስታነክስ ትኖራለህ፤ ፈረስንም በሩቅ ታየዋለህ።»

«እሽ አባቴ» አለ ወንድሜ። እሽታውን ሁላችንም ሰማን፤ ያመነው ግን አልነበረም። እኔ በበኩሌ አሁንም እንደሚነሣ እርግጠኛ ነበርኩ፤ የሚነሣበትንም ቀን አውቀዋለሁ። የጥር ጊዮርጊስ ዕለት፣ ኮቴ ሲሰማ ነው።

የመንፈቅ ዓመቱ ፈተና አልቆ ትምህርት ቤት ሲዘጋ የክበቡን ኃላፊ መምህር አስናቀን ካልኩሌተሩን አውሱኝ ብዬ ለመንኳቸው። ወንድሜ እንደተሰበረ ስነግራቸው ጥቂት አሰቡና ከመሳቢያቸው አወጡት። «ይኸ ከተሰበረ ግን ቀጥሎ የሚሰበረው የኔ ነው» አሉ።

አያ ሙሉቀን መጀመሪያ ናቀው። «ይኸ ምኑ ነው? ነጥብ ይወድቃል፣ እና?» አለ። ለማንኛውም አንዴ ሞክሮ አቃተው። ከዚያ በኋላ የሚያስጥለው አልተገኘም። ሞፈር የለመደ ጣቱ ሁለት ቁልፍ በአንድ ጊዜ ስለሚነካ ሰረዟ እሱ ወዳልፈለገበት ትሮጣለች፤ እሱ ይሰድባታል። በጀርባው ተንጋልሎ ካልኩሌተሩን ከፊቱ በላይ ይዞ፣ እማየ የቀቀለችለትን ድንች በአንድ እጁ እየጎረሰ ይውላል። ሌላ ወሬ ስለሌለው አባየ ሳይቀሩ መጥተው አንገታቸውን ዘንበል አድርገው አይተውታል። እማየ ምንነቱን አልጠየቀችም። «እግሩን ይዞ ያስቀምጥልኝ እንጂ የፈለገውን ይሁን» አለች።

የሚያሳስበኝ ባትሪው ነበር። ካልኩሌተሩ የሚሠራው በአራት ቀጫጭን ባትሪ ድንጋይ ነው፤ ቆሰበር ሱቆች ውስጥ ያለው ደግሞ ለራዲዮና ለእጅ ባትሪ የሚሆነው ወፍራሙ ብቻ። ጽሑፉ እየደበዘዘ ሲመጣ ጨዋታውን ጠዋት ትንሽ፣ ማታ ትንሽ ብዬ ቆረጥኩለት። እንደ ጾም ቆጥሮ ይጠብቀኝ ጀመር። ሐሳቤ የበዓሉ ዕለት ቀኑን ሙሉ እንዲጫወት መፍቀድ ነበር። እሱ ጨዋታው ላይ ሲያፈጥ እኛ በዓላችንን አይተን እንመለሳለን። እኔም ብሆን ጸጉሬን ሹሩባ ተሠርቼ፣ ከጓደኞቼ ጋር ተቀጣጥሬ፣ ቀኑን ስናፍቅ ነው የሰነበትኩት። አያ ሙሉቀን ባይኖርም ዳማ አይቀርም ተብሎ አባየ ራሳቸው ሊወጡበት ተነሥተው ነበር፤ ግልቢያ ካቆሙ ዓመታት ቢሆናቸውም።

ጠዋት አባየ ገና ሳይነጋ ዳማን ሸልመው ወጡ። እማየ ለእንግዳ የሚሆን ዳቧን ተሸክማ ልትከተላቸው ተሰናዳች። እኔ ቀሚሴን ለብሼ ካልኩሌተሩን ለወንድሜ ሰጠሁትና ነጠላዬን ፍለጋ ዞርኩ።

«ይታይሽ» ብሎ ጠራኝ። «ጨዋታው የለም።»

ተቀብዬው አየሁ። መስኮቱ እንደዚያ ደምቆ አያውቅም፤ ጥቁሩ ጥቁር፣ ነጩ ነጭ ሆኗል። በላዩ ላይ አንዲት መስመር ብቻ በእንግሊዝኛ ተጽፋለች፤ የያዝኩት ሁሉ ተጠርጓል ትላለች። ቁልፉን ደጋግሜ ነካሁ። የፕሮግራሙ ስም የነበረበት ቦታ ባዶ ነው።

እማየ ከበሩ ላይ ሆና፣ «ምን ሆናችሁ?» አለች። ከዚያ ምንም እንዳልተፈጠረ ነገረችን። «አባትሽማ ትናንት አንች ወፍጮ ቤት ስትሄጅ ባትሪዎቹን አውጥተው ከራዲዮናቸው ጋር ፀሐይ አስመትተውለታል። ለዛሬ እንዳይደክምበት ብለው እኮ ነው። ከስጡ አጠገብ ቁጭ ብለው ዶሮ ሲከላከሉ ዋሉ።»

ፀሐይ ማስመታት ለምን እንደሆነ የዛሬ ልጅ ላያውቅ ይችላል። በእኛ ቤት፣ በጎረቤቱም ቤት፣ የደከመ ባትሪ ድንጋይ አይጣልም። ይወጣና እማየ ያሰጣችው ገብስ አጠገብ ድንጋይ ላይ ይደረደራል፤ ሲሞቅ ጥቂት ነፍስ ይዘራል፤ ማታ አባየ ዜናቸውን ይሰሙበታል። ራዲዮ ባትሪው ቢወጣ የሚረሳው ነገር የለም። ካልኩሌተሩ ግን ባትሪው ሲወጣለት ጨዋታውንም ይዞ መቆየት የነበረበት ሌላ ትንሽ ክብ ባትሪ ነበረው፤ ያ ደግሞ ሳናውቀው ከሞተ ቆይቷል። ይህን የተማርኩት ኋላ ነው። ያን ጠዋት የማውቀው ጨዋታው መጥፋቱን፣ የመጣበትም ካልኩሌተር ባሕር መሻገሩን ብቻ ነው። አባየን ተናደድኩባቸው፤ ወዲያው ደግሞ ከዶሮ ጋር ሲታገሉ መዋላቸውን አስቤ መናደዱም አልሆንልኝ አለ።

እማየ ዳቧን ይዛ ሄደች። ጓደኞቼ ከአጥሩ ውጭ ጠሩኝ። ወንድሜን አየሁት፤ እሱ በሩን ያያል።

«ቅደሙ፣ እደርሳለሁ» አልኳቸው። ነጠላዬን መልሼ ሰቀልኩና አልጋው አጠገብ በርጩማ ስቤ ተቀመጥኩ።

«ሂጅ እንጂ» አለ አያ ሙሉቀን።

«መስመሮቹን አስታውሳቸዋለሁ። ቶሎ ጽፌው እሄዳለሁ።»

የቸኮለች አፍሳ ለቀመች ይባላል። ፊደሉን በአንድ በአንድ እየፈለግሁ ገና የመጀመሪያዎቹን መስመሮች እንደጨረስኩ ወንድሜ ሌላ ነገር አመጣ።

«ያ የሚወድቅ ነጥብ ሰልችቶኛል። ከጻፍሽ አይቀር ፈረስ አርጊበት።»

«በዚህ ነገር ፈረስ አይሳልም። ፊደልና ቁጥር ብቻ ነው ያለው።»

«እስቲ ያለውን አሳይኝ።»

አሳየሁት። ክብ ስንለካ የምንጠቀምባት፣ ከላይ ሰረዝ ከታች ሁለት እግር ያላት የሒሳብ ምልክት ላይ ሲደርስ አቁሚ አለኝ።

«ይቻት።»

«ይች እኮ በርጩማ ናት» አልኩት።

«ባለ ሁለት እግር በርጩማ የት አየሽ? ፈረስ ናት። ከጎን ነው የምታያት።» ከወደቀ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቀ። እኔም ሳቅሁ፤ ፈረሱም በዚያው ተወለደ።

ፈረሷ የምትዘለውን አጥር ቀጥ ያለ ፊደል አደረግነው። ከቀኝ በኩል እየቀረበ ይመጣል፤ ፈረሷ ከግራ ቆማ ትጠብቀዋለች፤ ቁልፍ ሲነካ አንድ መስመር ወደ ላይ ትዘላለች። ለኔ ይህ በቂዬ ነበር። ለሱ ግን ፈረስ ቀልድ አይደለም።

«ፈረስ እንዲህ ድንገት አይዘልም። አስቀድሞ ሰብሰብ ይላል። አጥሩ አፍንጫው ሥር ሲደርስ ከነካሽው ዘግይተሻል፤ ቀደም ብለሽ ነው የምትነግሪው።»

ሰርዤ ጻፍኩ።

«አንዴ ከዘለለ ደግሞ ልቡ ይሞላል። ሁለተኛው አጥር በፍጥነት ነው የሚመጣበት።»

እንደገና ሰርዤ ጻፍኩ። ትእዛዙ በእንግሊዝኛ ነው፤ የተማርኩት በአማርኛ ነው፤ ለሱ የማስረዳው በአውኚ ነው። አንዳንዴ የትኛው ቋንቋ ላይ እንዳለሁ ጠፍቶኝ ዝም እላለሁ። የወደቀ ጊዜ ምን እንጻፍበት ስለው፣ «ተነሣ በይው» አለኝ።

«መነሣት ለተከለከለ ሰው?» አልኩና በፈረንጅ ፊደል ‹ተኛ› ብዬ ጻፍኩበት። ፈረሷ አጥር በመታች ቁጥር ካልኩሌተሩ ወንድሜን ‹ተኛ› ብሎ ያዝዘዋል። እንዲህ እንዲህ ስንል ረፋዱ አለፈ፤ ድንቹን በሚጥሚጣ በላን፤ በቶሎ ጽፌው እሄዳለሁ ያልኩትንም ማናችንም አላነሣነውም።

ጉግሱ የተጀመረው ስምንት ሰዓት ገደማ ይመስለኛል። ሜዳው ከኛ ራቅ ቢልም ነፋሱ ሲዞር የኮቴው ድምፅ ይደርሳል፤ ከጆሮ ይልቅ በእግር የሚሰማ ድምፅ ነው። ከኋላው እልልታ ተከተለ። ወንድሜ ከትራሱ ቀና አለ።

«ዳማ ነው የቀደመው» አለ።

ከዚያ ርቀት ዳማን ከሌላ ፈረስ መለየት እንደማይቻል ሁለታችንም እናውቃለን። ጋቢውን ገፈፈ። ደህናውን እግሩን ወደ መሬት አወረደ። እጁ ግድግዳው ላይ የተደገፈውን ሽመል ፈልጎ አገኘ።

ምን ላድርግ? በጉልበት አልይዘው፤ በአንድ እጁ ያነሣኛል። ብጮህ የሚሰማ የለም፤ አገሩ በሙሉ ሜዳ ላይ ነው። የወጌሻው ቃል ጆሮዬ ላይ ያቃጭላል። ካልኩሌተሩ እጄ ላይ ነበር። ፈረሷን ላስሮጣት ቁልፉን ስነካ ‹ስህተት› የሚል ወጣ። እሱን ለማስቀረት ያደረግሁት ማታለል አልነበረም፤ በእውነት ተበላሽቶብኝ ነው። ያን ጊዜ ዕንባዬ መጣ። ስለ ጨዋታው ይሁን፣ ስለቀረሁበት በዓል ይሁን፣ ስለ እግሩ ይሁን ለይቼ አላውቀውም። አቀርቅሬ መስመሮቹን ከላይ ጀምሬ መፈተሽ ያዝኩ።

«አልሠራ አለኝ» አልኩ ሳላየው።

እልልታው እንደገና መጣና ሄደ። ቆይቶ አልጋው ሲንቋቋ ሰማሁ።

«እስቲ እየጮህሽ አንብቢልኝ» አለ። ቀና ስል ሽመሉ ከቦታው ተመልሷል፤ እሱም እግሩን ሰብስቦ ተኝቷል።

በአውኚ እየመለስኩ አነበብኩለት። የዝላዩን ክፍል ስጨርስ ‹እዚህ ላይ ያበቃል› የሚል ትእዛዝ አለ፤ የአጥሩን ክፍል ስጨርስ ግን ያ የለም። ያገኘው እሱ ነው። «በሩን ከፍተሽ ነዋ የተውሽው» አለኝ። ጨመርኩለት። ፈረሷ ዘለለች። ከዚያ በኋላ ኮቴው በመጣ ቁጥር እኛም ፈረሷን አዘለልናት።

አባየ የመጡት ፀሐይ ስታዘቀዝቅ ነው፤ አቧራ ለብሰው፣ ደክመው፣ ፊታቸው ግን የልጅ ፊት ሆኖ። ዳማን አስረው ቀጥ ብለው ወደ ወንድሜ መጡ። ስለ በዓሉ የሚያወሩ መስሎን ነበር።

«ባትሪው እንዴት ዋለ?» አሉ። «ፀሐይ አስመትቼልህ ነበር።»

ወንድሜ አየኝ፤ እኔም አየሁት።

«ቀኑን ሙሉ ሠራ አባየ» አለ። «እንደዚህ ደምቆ አያውቅም።»

«አላልኩም?» አሉ ወደ እማየ ዞረው፤ ቀኑን ሙሉ ሲጋልቡ ከዋሉት ይልቅ በዚህ ኮሩ። ዝም አይነቅዝም አይደል የሚባለው? እኛም ዝም አልን። አባየ ካረፉ ብዙ ዓመት ሆኗቸዋል፤ ነገሩን ሳይሰሙ ነው ያረፉት።

ጥር ወጣ። ወጌሻው ስንጣቂውን ፈትተው እግሩን በእጃቸው ዳሰሱና ምራቃቸውን እንትፍ ብለው መረቁት። ቀጥ ብሎ ገጥሟል። ክረምቱ ሲገባ ሞፈር ያዘ፤ በዓመቱ ለጊዮርጊስ ዳማ ላይ ወጣ። ካልኩሌተሩን ስመልስ መምህር አስናቀ ጨዋታውን ሞክረው ወዲያው ‹ተኛ› ተባሉ፤ የመምህራኑ ክፍል ውስጥ ብቻቸውን ሲስቁ በመስኮት አይቻቸዋለሁ።

እኔ ኋላ ዳንግላ የሒሳብ አስተማሪ ሆንኩ። ይህን ታሪክ ለስንት ክፍል ተማሪ እንደነገርኩ አላውቅም። ሒሳብ ምን ይጠቅማል የሚል ተማሪ ሲመጣብኝ አወጣዋለሁ፤ ጥቂት መስመር ትእዛዝ የወንድሜን እግር አዳነ እላለሁ፤ ክፍሉም ዝም ብሎ ያዳምጠኛል። ትንሽም አልኮራሁ ብል ውሸቴን ነው።

በቀደም ከሚኒባሱ ወርጄ በባጃጅ ወንድሜ ቤት ስገባ ዝናቡ በርትቶ ነበር። ልብሴን እያራገፍኩ ስለ ልጅቱና ስለ ኔትወርኩ ነገርኩት። አያ ሙሉቀን ዛሬ ሽበቱ ከኔ ይብሳል፤ እግሩ ግን ቀጥ ያለ ነው። የዚያ ቀን ነገር ከአፌ ሳይወጣ ገብቶት ሳቀ።

«አንች አሁንም ያስተኛኝ ጨዋታው ነው እያልሽ ነው ልጆቹን የምታስተምሪ?»

«ታዲያ ምን ነበር?»

የተቀቀለ ድንች እየላጠ ነበር፤ ልጦ ሰጠኝና እጁን ጠረገ።

«ፈረሷ ያን ያህል አልያዘችኝም ነበር፤ ሆድ እንዳይብስሽ። ኮቴውን ስሰማ ልሄድ ቆርጨ ነበር። የወጌሻውም ነገር አልታየኝም፤ ካነከስኩም ላንክስ ብየ ነበር። ሽመሉን ጨብጨ ዞር ስል አንች አቀርቅረሽ ታለቅሻለሽ። ያን ጊዜ ነው በዓሉን ለኔ ብለሽ መቅረትሽ የገባኝ። አንችን እዚያ ትቸ ወዴት ልሂድ?»

መጀመሪያ፣ ልንገራችሁ፣ ኩራቴ ተነካ። ስንት ዓመት ያስተማርኩበትን ታሪክ በአንድ ድንች አፈረሰብኝ። ያን ቀን እሱን ለማቆየት የነበረኝ ካልኩሌተሩ ብቻ ይመስለኝ ነበር፤ ለዚህም ነው የጎደለውን ትእዛዝ በዕንባ የፈለግሁት። ደስ አለኝ። ዝናቡ ጣሪያው ላይ ሲወርድ ድንቹን በላሁ።

ከዚያ ወዲህ የጥር ጊዮርጊስን ብዙ ጊዜ አይቻለሁ፤ ወንድሜ ሲጋልብም፣ ልጆቹ ሲጋልቡም። እንደቀረሁበት እንደዚያኛው ግን አንዱንም አልወደውም።